የጦርነት ፊልምና የዓይን ምስክር

ጦርነትን በዓይኑ ያላየ ሰው ቀድሞ የጦርነትን ነገር የሚያውቀው ወይ ከመጽሐፍ ወይ ከሽማግሌ አፍ ነበር። ዛሬ ግን ከሁለቱም ይልቅ የበረታው ፊልም ነው። መጽሐፍ የሚያነብ ሰው ጸሐፊው ሊሳሳት እንደሚችል ያስባል፤ ሽማግሌውን የሚሰማ ሰውም «ዕድሜው ገፍቷልና ረስቶ ይሆናል» ይላል። ፊልም ያየ እንደ ሆነ ግን «ይኸው በዓይኔ አየሁት» ብሎ ይነሣል። እውነቱን ለመናገር ያየው እርሱ አይደለም። ያየው ካሜራውን ይዞ የቆመው ሰው ነው፤ ተመልካቹ የደረሰው ያ ሰው ሊያሳየው የወደደውን ያህል ብቻ ነው።

ስለ ጦርነት ታሪክ የሚሠሩት ዘጋቢ ፊልሞች እንዴት መመርመር እንደሚገባቸው ለወጣት አንባቢዎች ጥቂት ልናገር አስቤአለሁ። ምሳሌዬንም ከሩቅ አላመጣም። ከጎንደር ወደ ስሜን በሚወስደው መንገድ ካሉት ከዳባትና ከደባርቅ፥ ከሊማሊሞ ቁልቁለትና ከተከዜ ዳር እወስደዋለሁ። ዓመቶቹን በእኛ አቆጣጠር እጽፋለሁ፤ የውጭ አገር መጻሕፍትና ፊልሞች የወጡበትን ዘመን ግን እ.ኤ.አ. እያልሁ እለያለሁ።

የፋሺስት ጦር በ1928 ዓ.ም. አገራችንን ሲወር ከወታደሩ ጋራ ፊልም አንሺውም ተሰልፎ ነበር። «ሉቼ» የተባለው የጣሊያን መንግሥት የፊልም ድርጅት እ.ኤ.አ. በ1924 የተቋቋመ ነው፤ ለዚህ ጦርነት ሲባልም በአስመራ ለምሥራቅ አፍሪካ ብቻ የሚሠራ ክፍል ተከፈተለት። በኢትዮጵያ ወገን የነበሩት የውጭ አገር ጋዜጠኞችና ፊልም አንሺዎች ጥቂቶች ነበሩ፤ እነዚያም አብዛኛውን ጊዜ የተቀመጡት በአዲስ አበባና በደሴ ነው። ሁለት የሶቪየት ፊልም አንሺዎች ከእኛ ወገን ሆነው ቀርጸው «አቢሲኒያ» የሚባል ፊልም እ.ኤ.አ. በ1936 አውጥተዋል። ከዚህ የተነሣ ስለዚያ ጦርነት ዛሬ በእጃችን የሚገኘው ተንቀሳቃሽ ሥዕል አብዛኛው የወራሪው ዓይን ያየው ነው።

የወራሪው ዓይን ምን አየ? በዚያው ዓመት በእነርሱ አቆጣጠር በ1936 የወጣውን፥ ኮራዶ ደሪኮ የሠራውን «የጀግኖች ጉዞ» የሚባለውን ፊልም የተመለከተ ሰው ያውቀዋል። ጦርነቱ እንደ አንድ ታላቅ የሥራ ድርጅት ሆኖ ይታያል፤ ፋብሪካው ይሽከረከራል፥ መርከቡ ይጫናል፥ ስንቁ ይታደላል፥ መንገዱ ይጠረጋል። እነዚህ ነገሮች ሁሉ በእርግጥ ተደርገዋል። አንዱም ሥዕል ሐሰት ላይሆን ይችላል። ነገር ግን እውነተኛ ሥዕሎች በአንድነት ተሰፍተው ሐሰትን ሊናገሩ ይችላሉ፤ ይህን የማያውቅ ተመልካች ከተታለለ በኋላ እንኳ እንደ ተታለለ አያውቅም።

ወደ ስሜን እንመለስ። የስታራቼ የመኪና ጦር በሰቲትና በወልቃይት በኩል አድርጎ ጎንደር የገባው መጋቢት 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በኋላ ጣሊያኖች ከአስመራ ወደ ጎንደር የሚያደርሰውን መንገድ በሊማሊሞ ገደል ላይ እያጠማዘዙ ቆረጡት። በሉቼ ፊልሞች ውስጥ መንገድ መሥራት የሚወደድ ነገር ነው፤ ድንጋይ ይፈነዳል፥ ሰው በሰልፍ ይቆፍራል፥ መኪና ያልፋል። ስለ ስልጣኔ የሚናገር ሰው ይህን አንሥቶ «ይኸው መንገድ ሠሩላችሁ» ይላል። የሚናገረው ሰው ካሜራው ከመንገዱ ጋራ እንደ መጣ፥ መንገዱም ከመድፉ ጋራ እንደ መጣ አያስተውልም።

እንግዲህ ካሜራ ስላልነበረበት ስፍራ ልንገራችሁ። ራስ እምሩ በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. ከሽሬ በኩል ጦራቸውን ይዘው የተከዜን መሻገሪያ ይዘው ነበር፤ በደምበጉያና ታኅሣሥ 5 ቀን የጣሊያንን ትንንሽ ታንኮች እስከ መማረክ ደርሰው ነበር። ከጥቂት ቀን በኋላ ግን አውሮፕላኖች መጥተው እስከዚያ ቀን ያልታየ ነገር ጣሉ። ራስ እምሩ ከ30 ዓመት ያህል በኋላ ይህን ሁሉ ለጣሊያናዊው ጋዜጠኛና የታሪክ ጸሐፊ ለአንጀሎ ዴል ቦካ ነግረውታል፤ እርሱም እ.ኤ.አ. በ1965 ባሳተመው መጽሐፉ አውጥቶታል። ነገሩ በአጭሩ እንዲህ ነው። ቀኑ ታኅሣሥ 13 ነበር፤ የወደቁት እንደ በርሜል ያሉ ዕቃዎች መሬት ወይም ውኃ ሲነኩ እየተሰበሩ ቀለም የሌለው ፈሳሽ ረጩ፤ የነካቸው ሰዎች እጃቸውና እግራቸው ፊታቸውም ሁሉ ውኃ እየቋጠረ ጮኹ፤ ከወንዙ የጠጡም ሰዎች ተሠቃዩ። አለቆቹ ምን እናድርግ ብለው ጠየቁዋቸው፤ ራስ እምሩም የሚመልሱት አልነበራቸውም።

ይህን የሚያሳይ የፊልም ቀረጻ አይታወቅም። ከአውሮፕላን ላይ የተነሣ የቦምብ ድብደባ ፊልም ሞልቷል፤ ከላይ ሆኖ ሲታይ ግን ጢስና አቧራ ነው እንጂ የሰው ገላ አይታይም። እንግዲህ ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው በዚህ ስፍራ ሲደርስ ይፈተናል። የሚናገር ምስክር አለው፥ የሚያሳየው ሥዕል ግን የለውም። ብዙዎቹ በፈተናው ይወድቃሉ። ከሌላ ግንባር፥ ከሌላ ወር፥ አንዳንድ ጊዜም ከሌላ አገር የተነሣ ሥዕል አምጥተው ከምስክሩ ቃል በታች ያነጥፉታል። በድል በዓል ሰሞን በቴሌቪዥን የሚቀርቡትን ፊልሞች ልብ ብሎ የተመለከተ ሰው፥ የሉቼ ቀረጻ ከየት እንደ መጣና ማን እንዳነሣው አንዲት ቃል ሳይነገር፥ በላዩ የእኛ ፉከራና የእኛ ትረካ ተደርቦበት ብዙ ጊዜ አይቶታል። ለቅኖች ዓላማ ሲባል የተደረገ ነው ይባላል። እኔ ግን ይህን ይቅር የሚባል ነገር አድርጌ አልቆጥረውም። ጠላት በዚያው ሥዕል አንድ ውሸት ተናገረ፤ እኛ ደግሞ በዚያው ሥዕል ሌላ ነገር ተናገርን፤ ሥዕሉ ራሱ ምን እንደ ነበረ የመረመረ አልተገኘም። ከዚህም የባሰው፥ ከመቶው አንዱ ሥዕል ያለ ስፍራው እንደ ገባ የተገለጠ ቀን፥ የሚክድ ሰው እርሱን ብቻ ይዞ የራስ እምሩን ቃል ጭምር ያስተባብላል።

የምስክር ቃልም ቢሆን ያለ ምርመራ አይወሰድም። በጣሊያን ወገን የተገኙት ሰነዶች በተከዜ መሻገሪያ በኩል የጋዝ ቦምብ መጣል የተጀመረበትን ቀን ታኅሣሥ 12 ያደርጉታል፤ ራስ እምሩ 13 ይላሉ። ደግሞም ጣሊያኖቹ ይጥሉት የነበረው ታላቁ የኢፔሪት ቦምብ፥ ማለት የሰናፍጭ ጋዝ የሚባለውን ከ200 ኪሎ በላይ የሚይዘው፥ የተሠራው መሬት ሳይደርስ በአየር ላይ ተከፍቶ እንዲረጭ ነው፤ ራስ እምሩ ግን ወድቆ ሲሰበር አየን ይላሉ። ሰነፍ ተመልካች ይህን ሲሰማ ወይ «እንግዲያው ምስክሩ ውሸታም ነው» ይላል፥ ወይም ተቆጥቶ «ራስን የሚያህል ሰው እንዴት ትመረምራለህ» ይላል። ሁለቱም ዳኝነት አይደለም። ከሰማይ የሚቃጠል ዝናብ የወረደበት ሰው የቦምቡን አሠራር ላያስተውል ይችላል፤ የወታደሩ ቆዳ ውኃ መቋጠሩን ግን አይስትም። የቀኑ በአንድ መለያየት ደግሞ ምስክሩ ከሰነዱ ያልተቀዳ፥ ከራሱ ልብ የወጣ መሆኑን ያሳያል። ቃል በቃል የሚስማሙ ምስክሮች ሲቀርቡለት ዳኛ የሚጠራጠረው በዚህ ምክንያት ነው።

«እኔ እዚያው ነበርሁ» የሚለው ቃል ምን ያህል እንደሚያሳስት ደግሞ ከጣሊያን ወገን እንይ። ኢንድሮ ሞንታኔሊ በዚያ ጦርነት ወጣት መኮንን ሆኖ አስካሪዎችን የመራ፥ በኋላም በአገሩ እጅግ የታወቀ ጋዜጠኛ የሆነ ሰው ነው። ለብዙ ዓመታት «በጦርነቱ ነበርሁ፥ ጋዝ ግን አላየሁም» እያለ ዴል ቦካን ይከራከረው ነበር። በ1988 ዓ.ም. በጥር ወር የጣሊያን የመከላከያ ሚኒስትር ዶሜኒኮ ኮርቾኔ ጋዝ እንደ ተጣለ ለምክር ቤት አመነ፤ ሞንታኔሊም ይቅርታ ጠየቀ። አላየሁም ማለቱ ምናልባት እውነት ነበር። የቆመበት ስፍራ ሌላ ነበርና። ስሕተቱ ያላየውን ነገር አልሆነም ማለቱ ነው። ከድርጊቱ እስከዚያች ቀን 60 ዓመት አልፏል፤ በዚያ ሁሉ ዘመን በተከዜ ዳር ያሉ ሽማግሌዎች የሚያውቁትን ነገር በሮም የሚናገረው ሰው እንደ ሐሜት ይቆጠርበት ነበር።

አባቶቻችን በዚህ ነገር ከእኛ ይሻሉ ነበር ብል ማጋነን አይሆንም። በአገር ቤት ሌባ ወይም ነፍሰ ገዳይ ሲጠፋ አፈርሳታ ይወጣ ነበር፤ የአገሩ ሰው ሁሉ በአንድ ስፍራ ይሰበሰብና በመሐላ ይጠየቃል። በችሎትም ተከራካሪ የባላጋራውን ምስክር «ይህ ዘመዱ ነው፥ ይህ ጠላቴ ነው» ብሎ መቃወም ይችል ነበር። አፈርሳታ ንጹሑን ሰው ብዙ ቀን ከሥራው ያስቀር፥ ድኻውንም ያስጨንቅ እንደ ነበር አልክድም። ነገር ግን ምስክር ሁሉ ከአንድ ስፍራ የቆመና ከአንድ ወገን የተወለደ መሆኑን ሰው ሁሉ ያውቅ ነበር። ያችን ዕውቀት ከፊልም ፊት ስንቀመጥ ከደጅ ትተናት እንገባለን።

ስለ ወራሪው ዘመን ከተሠሩት ዘጋቢ ፊልሞች መካከል ሦስቱን ላንሣ። የእንግሊዙ ቢቢሲ እ.ኤ.አ. በ1989 ያወጣው፥ ኬን ከርቢ የሠራው «የፋሺስት ውርስ» ሁለት ክፍል አለው። እኔ የምመርጠው ሁለተኛውን ነው። በዚያ ክፍል የሚታየው የሚያስለቅስ ሥዕል ሳይሆን፥ በኢትዮጵያና በሌላም አገር ግፍ የሠሩት የጣሊያን አለቆች ከጦርነቱ በኋላ ለምን ለፍርድ እንዳልቀረቡ ነው። የጣሊያን ራዲዮና ቴሌቪዥን ፊልሙን ገዝቶ ሳያሳየው አስቀመጠው፤ ሕዝቡ ከፊልሙ ቁራጭ ያየው እ.ኤ.አ. በ2004 በግል ጣቢያ ነው። ቫሌሪዮ ቺሪያቺ እ.ኤ.አ. በ2015 የሠራው፥ በአፊሌ ከተማ ለግራዚያኒ ስለ ቆመው ሐውልት የሚናገረው ፊልም ደግሞ ብርታቱ ከአሮጌ ቀረጻ ይልቅ ዛሬ በሕይወት ባሉ ሰዎች ንግግር ላይ መቆሙ ነው፤ የሚናገረው ሰው ማን እንደ ሆነ፥ ከየት ሆኖ እንደሚናገር ተመልካቹ ያውቃል። ጃኒኪያንና ሪቺ ሉኪ የሚባሉት ባልና ሚስት እ.ኤ.አ. በ2013 ያወጡት «አረመኔ አገር» ግን ከሁሉ የተለየ ነው። የድሮውን የጣሊያን ቀረጻ ወስደው ያዘገሙታል፥ ያቆሙታል፥ ያስጠጉታል፤ ተመልካቹ የተቀረጸውን ሰው ብቻ ሳይሆን የቀረጸውን ሰው ዓይን ጭምር ለማየት ይገደዳል። ፈጣን ፊልም የለመደ ወጣት ሊሰለቸው ይችላል። ይሰልች፤ ነገር ግን እስከ መጨረሻው ይመልከተው።

ምስክር ሰነድን ያረመበት ጊዜም አለ። በግንቦት 1929 ዓ.ም. ስለ ደብረ ሊባኖስ መነኮሳት መገደል ግራዚያኒ ወደ ሮም የላከው ቴሌግራም መጀመሪያ 297 መነኮሳትንና 23 ምእመናንን፥ ኋላም 129 ዲያቆናትን ይቈጥራል። ማኅተም ያለው ወረቀት ነውና ብዙ ዘመን የታመነው ይህ ቍጥር ነው። በ1980ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ ኢያን ካምቤልና ደግፌ ገብረ ጻድቅ በሕይወት የቀሩትን ሰዎች እየፈለጉ፥ ስፍራውንም በእግራቸው እየሄዱ ጠይቀው፥ የሞቱት ከ1,423 እስከ 2,033 እንደሚደርሱ አስታወቁ። በመንዝ በዘረት ዋሻ በ1931 ዓ.ም. የተደረገውም እንዲሁ ነው። የአገሩ ሰው የሚያውቀውን ነገር ማቴዎ ዶሚኒዮኒ በሮም መዝገብ አግኝቶ፥ በ1998 ዓ.ም. ዋሻው ድረስ ሄዶ ዐፅሙን አየው። ቃልና ወረቀት፥ መሬቱም ጭምር፥ በአንድነት ሲመሰክሩ እንዲህ ነው።

አሁን ወደ ደባርቅ ራስጌ፥ ወደ ወልቅፊት እንውጣ። ከጎንደር በፊት እጅ ከሰጡት የጣሊያን ምሽጎች መካከል እጅግ የጠናው ይህ ነበር። አርበኞች ለወራት ከበውት፥ የእንግሊዝም ጦር ታክሎበት፥ ወደ 3,000 የሚሆን ጦር በመስከረም 1934 ዓ.ም. እጁን ሰጠ፤ ጎንደርም ኅዳር 18 ቀን ተከተለች። የእጅ መስጠቱ ሥነ ሥርዓት ፎቶግራፍ በእንግሊዝ የጦር ቤተ መዘክር ይገኛል። ሥነ ሥርዓት የአንድ ቀን ነገር ነው፤ ካሜራ የሚወደውም እርሱን ነው። በድብ ባሕር ቁልቁለት በክረምቱ ጭቃ የተቀመጠው፥ ስንቁን ከቤቱ እያስመጣ ምሽጉን ያስጨነቀው ገበሬ ለፎቶግራፍ የሚመች አልነበረም።

እስከዚህ ድረስ የስሜን ሰው በደስታ ይሰማኛል። ነገር ግን ከእነዚያ 3,000 ውስጥ ግማሽ ያህሉ ጣሊያኖች አልነበሩም፤ የእኛው ገላ ያላቸው የቅኝ ግዛት ወታደሮች ነበሩ። ባንዳም ከሰማይ አልወረደም፤ ከየመንደሩ የወጣ ነው። ስለ ወልቅፊት የሚሠራ ዘጋቢ ፊልም የአርበኛውን የልጅ ልጅ ብቻ ጠይቆ ከተመለሰ የጣሊያኑን ፊልም ሥራ ገልብጦ ሠራ እንጂ አልተሻለም። ከባንዳው ቤትም የሚነገር ነገር አለ፤ የረኀብ፥ የፍርሃት፥ የቂም፥ አንዳንድ ጊዜም የትርፍ ነገር። ይህ ካልተነገረ ወጣቱ አገር እንዴት እንደምትከፈል ሳያውቅ ያድጋል።

ሳያውቅ ማደጉም ዋጋ እንዳስከፈለ በቅርቡ አየን። ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. በሰሜን በተደረገው ጦርነት፥ በነሐሴ መጨረሻ 2013 በዳባት ወረዳ በጭና የብዙ ሰላማዊ ሰዎች ነፍስ ጠፋ። የአካባቢው ባለ ሥልጣኖች የሞቱት ከ100 በላይ ናቸው አሉ፤ የትግራይ ኃይሎች አልገደልንም አሉ፤ ሂዩማን ራይትስ ዎች የተባለው ድርጅት ምስክሮችን ጠይቆ በ15 ልዩ ልዩ ጊዜ የትግራይ ተዋጊዎች ያለ ፍርድ የረሸኗቸውን 26 ሰላማዊ ሰዎች አስታወቀ። የቍጥሩ መለያየት ሟቾቹን አያሳንሳቸውም፤ አንዱ የወሬ ድምር ነው፥ ሁለተኛው በምስክር የተያዘ ነው፥ ገና ያልተጠየቀም አለ። በዚያው ዓመት በጥር ወር ደግሞ ከተከዜ ማዶ፥ በአክሱም አጠገብ በማኅበረ ዴጎ፥ የኢትዮጵያን ጦር ልብስ የለበሱ ሰዎች ያልታጠቁ ወንዶችን ሲገድሉ የሚያሳይ ፊልም በእጅ ስልክ ተነሥቶ ወጣ። ካሜራው የቆመው እንደ ሉቼ ከጠመንጃው ጋራ ነበር። የመንግሥት ወገን በማኅበራዊ መገናኛ የወጣ ነገር ማስረጃ አይሆንም አለ። ቢቢሲና ተባባሪዎቹ ግን በፊልሙ ጀርባ የሚታየውን የተራራ ጫፍ ከሰማይ ከተነሣ ሥዕል ጋራ አስተያይተው ስፍራውን ለዩ፤ በመጋቢትም ቢያንስ 15 ሰዎች እንደ ተገደሉ አወጡ።

ወጣት ሆይ፥ ራስህን በዚህ መርምር። ከዳባት ከሆንህ የጭና እናት ስትናገር ታለቅሳለህ፤ የማኅበረ ዴጎ ፊልም ሲመጣ «የተቀነባበረ ነው» ለማለት ትቸኩላለህን? ከማዶ የሆነውም ጓደኛህ ማኅበረ ዴጎን አንድ በአንድ ያውቃል፤ ጭናን ሲሰማ ግን «ፕሮፓጋንዳ» ይላል። ሁለታችሁም ሞንታኔሊን ሆናችኋል። ከዚህ በኋላ በ1928 ዓ.ም. ስለ ተጣለው ጋዝ ጣሊያን ካደን ብላችሁ ብትወቅሱ የሚሰማችሁ ማን ነው? ለጠላት ያወጣነውን ሚዛን ለወገን ካልተጠቀምንበት ሚዛኑ ራሱ የእኛ ሳይሆን የቂማችን ነው።

ዛሬ የእጅ ስልክ በየሰዉ ኪስ አለ፤ ለሉቼ መንግሥት ያዘመተው ካሜራ ዛሬ በደባርቅ ገበያ ይሸጣል። ወልቅፊት ሲለቀቅ 10 ዓመት የሞላው ልጅ ዛሬ ከ90 ዓመት በላይ ነው፤ ጥቂቶች ቀርተዋል። አንዱን አግኝተህ ልትቀርጸው ስትቀመጥ የቀኑን ስም፥ የመንደሩን ስም፥ የጠያቂውንም ስም አስቀድመህ አስቀርጽ። «አባ፥ በዚያን ቀን የት ቆመው ነበር? ከዚያስ ምን ይታያል?» ብለህ ጠይቀው። ብዙ ሽማግሌዎች በመካከል «ይህን እኔ አላየሁትም፥ አባቴ ሲናገር ሰማሁ እንጂ» ይላሉ። ፊልም የሚቆራርጡት ሰዎች ጨዋታ ያበላሻል ብለው መጀመሪያ የሚጥሏት ይህችን ቃል ነው፤ አንተ ግን ካሜራህን ሳታቆም ጠብቃት።